ከክሱ የቀረው ሦስተኛ ሰው፦ በየት በኩል ይጠየቃል?

እንበልና ፒያሳ አካባቢ ቤት ልትገዙ ቀብድ ከፈላችሁ። ካርታው ፎርጅድ ሆኖ ተገኘ። ለፖሊስ አመለከታችሁ። «ሻጭ ነኝ» ያለው ሰውና ውሉን ያዘጋጀው ጓደኛው ተከሰሱ። ደላላው ግን ቻርጁ ላይ የለም። ልደታ ችሎት አንድ ምስክር ቀርቦ «ብሩን ቆጥሮ የተቀበለው ደላላው ነው፤ ካርታውንም ይዞ የመጣው እሱ ነው» አለ። ቃሉ ተመዘገበ፣ ቀጠሮ ተሰጠ፣ ሁሉም ወጣ። ደላላው ሜክሲኮ ካፌ ቁጭ ብሎ ሌላ ቤት እያሻሻጠ ነው።

እንዲህ ሲሆን የሁሉም ሰው ጥያቄ አንድ ነው። ዳኛው በጆሯቸው ሰምተዋል። ታዲያ ለምን መጥሪያ አያወጡበትም?

አጭሩ መልስ፦ እኛ ሀገር ለዳኛው እንዲህ ያለ ሥልጣን በግልጽ የሚሰጥ አንቀጽ የለም። በሩ ሌላ ቦታ ነው ያለው። እንዲያውም ከአንድ በላይ በር አለ። ችግሩ አብዛኛው ተበዳይ የተሳሳተውን በር ሲያንኳኳ ጊዜው ማለፉ ነው።

ይህ ጽሑፍ መሠረት ያደረገው የ1954ቱን የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ነው። እርምጃ ከመውሰዳችሁ በፊት በእጃችሁ ያለውን ጉዳይ ለጠበቃ አሳዩ።

ሕንድ ቢሆን ኖሮ

ነገሩን ለማየት ሕንድን ጎራ ማለት ይጠቅማል። እዚያ ዳኛው ይህ ሥልጣን አላቸው። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1973 የወጣው የሥነ ሥርዓት ሕጋቸው በአንቀጽ 319 ይፈቅዳል። በ2023 በወጣውና ከጁላይ 2024 ጀምሮ በሥራ ላይ በዋለው አዲሱ ሕግ ደግሞ ቁጥሩ 358 ሆኗል (የሕንዱ ዓመት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ነው)። ክርክሩ እየተካሄደ ሳለ በቀረበው ማስረጃ ሌላ ሰው ወንጀሉን የፈጸመ ከመሰለ፣ ፍርድ ቤቱ ያንን ሰው ጠርቶ ከተከሳሾቹ ጋር ሊዳኘው ይችላል። ሰውየው መጀመሪያ ለፖሊስ በቀረበው አቤቱታ ላይ ስሙ ባይኖርም ይቻላል። ስሙ ኖሮ ፖሊስ ሳያስከስሰው ቢቀርም ይቻላል።

ነገር ግን እንደፈለጉ አይመዙትም። የሀገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በአምስት ዳኞች ችሎት በ2014 ያስቀመጠው መለኪያ ጠንከር ያለ ነው። ማስረጃው ክስ ለመመሥረት ከሚበቃው በላይ መሆን አለበት። ጥፋተኛ ለማለት የሚበቃ መሆን ግን አይጠበቅበትም። ምስክሩ በዋና ጥያቄ (የጠራው ወገን ሲጠይቀው) የተናገረው ብቻ ሊበቃ ይችላል፤ የተቃራኒው ወገን መስቀለኛ ጥያቄ እስኪያልቅ መጠበቅ ግዴታ አይደለም። በ2022 ደግሞ ሌላ አምስት ዳኞች የተሰየሙበት ችሎት ገደቡን አሰመረ። ተከሳሾቹ ጥፋተኛ ከተባሉ አዲሱ ሰው መጠራት ያለበት ቅጣቱ ከመነገሩ በፊት ነው። ነፃ የሚወጡ ከሆነም የነፃነት ውሳኔው ከመሰጠቱ በፊት።

ከዚያ በኋላ ያለው ነገር ነው የማይወራው። በዚህ መንገድ የተጠራ ሰው የእሱ ጉዳይ ከሀ ይጀምራል። ምስክሮች እሱ ባለበት እንደገና ይሰማሉ። ምስክሩ ከሞተ ወይም ከሀገር ከወጣ ችግር ነው። ስለዚህ ሕንድ ውስጥም ቢሆን «ዳኛው ጠሩት» ማለት «ነገሩ አለቀ» ማለት አይደለም።

የእኛ ሕግ ከዚህ ጋር ዝምድና አለው። የ1954ቱን ሕግ ካረቀቁት አንዱ እንግሊዛዊው ሰር ቻርልስ ማቲው ነበሩ። ብዙው አንቀጽ በእንግሊዝ ቅኝ ግዛቶች ከነበሩ ሕጎች፣ በተለይም ከማላያ፣ የተወሰደ ነው። ያ ሁሉ ዝምድና እያለ ይህ ሥልጣን ወደ እኛ አልመጣም።

እኛ ጋ ዳኛው ምን ይችላሉ? አንቀጽ 119 ክሱ መሠረታዊ ስህተት ወይም ጉድለት ካለበት ከፍርድ በፊት እንዲሻሻል ወይም አዲስ ክስ እንዲዘጋጅ ማዘዝን ይፈቅዳል። አንቀጽ 143 ደግሞ ለፍትሕ አስፈላጊ የመሰላቸውን ማንኛውንም ምስክር ከፍርድ በፊት እንዲጠሩ ያስችላቸዋል። ይህ ማለት ደላላውን ዳኛው ሊጠሩት ይችላሉ፤ ግን እንደ ምስክር ነው። የተከሳሽ ሳጥን ውስጥ የሚያስገባው ክስ ነው፤ ክስ የሚያዘጋጀው ደግሞ ዐቃቤ ሕግ።

ይህ አሠራር ክፉ ነው ለማለት ይከብዳል። ሰውን በተከሳሽነት የጠራ ዳኛ ስለ እሱ ግማሽ መንገድ አስቧል። ያው ዳኛ በኋላ በገለልተኝነት ይዳኘዋል ማለት ቀላል አይደለም። ግን ሸክሙ ተበዳዩ ላይ ወደቀ። ዳኛው ካልሮጡ መሮጥ ያለባችሁ እናንተ ናችሁ።

መጀመሪያ አንድ ነገር አጣሩ

ደላላው ክሱ ላይ የሌለው ለምንድን ነው? ሁሉም ምርጫ ከዚህ ይነሳል። ሦስት ዓይነት ሁኔታ አለ፤ ሰዎች ግን አንድ አድርገው ያዩታል።

አንዱ፦ ፖሊስ ጨርሶ አልመረመረውም። ስሙ በምርመራ መዝገቡ ላይ የለም፣ ወይም «ለጊዜው ያልተያዘ» ተብሎ ታልፏል። ይህ ቀላሉ ነው፤ ዐቃቤ ሕግ አልከስም አላለም፣ ጉዳዩ ገና አልደረሰውም።

ሁለተኛው፦ ተመርምሮ ነበር፣ ዐቃቤ ሕግ ማስረጃው አይበቃም ብሎ ዘጋው። አንቀጽ 42 ክስ የማይቀርብባቸውን ምክንያቶች ይዘረዝራል። ለማስቀጣት የሚበቃ ማስረጃ አለመኖር የመጀመሪያው ነው። ይርጋ (የመክሰሻው ጊዜ ማለፉ) እና ምሕረትም እዚያ ውስጥ አሉ። ተጠርጣሪው አለመገኘቱና ጉዳዩ እሱ በሌለበት የማይታይ መሆኑም እንዲሁ። እንደ አንቀጽ 43 ውሳኔው በጽሑፍ፣ ከነምክንያቱ መሆን አለበት። ስለዚህ «አልከሰስነውም» በቃል ከተነገራችሁ ወረቀቱን ጠይቁ።

ሦስተኛው፦ ዐቃቤ ሕግ ሆን ብሎ ምስክር አድርጎታል። ይህ ያናድዳል፣ ይገባኛል። ግን አንዳንዴ ያለ እሱ ዋናዎቹን ማስቀጣት አይቻልም። ይህ ከሆነ ሰውየውን በወንጀል የማስከሰስ ዕድላችሁ ጠባብ ነው። ጉልበታችሁን ለገንዘቡ አቆዩት፤ ከታች እመጣበታለሁ።

ዐቃቤ ሕግን በጽሑፍ መጠየቅ

እኔን ብትጠይቁኝ ዘጠና በመቶው ጉዳይ መጀመር ያለበት እዚህ ነው። ክሱ የዐቃቤ ሕግ ነው። ክርክሩ እየሄደ ሳለ ክሱን አሻሽሎ ሰው ለመጨመር ማመልከት፣ ወይም በሰውየው ላይ ለብቻው ክስ አቅርቦ መዝገቦቹ ተጣምረው እንዲታዩ መጠየቅ የሚችለው እሱ ነው። ማስረጃው ሳስቶ ከታየው ደግሞ በአንቀጽ 38 መሠረት ፖሊስ ተጨማሪ ምርመራ እንዲያደርግ ያዝዛል።

አዲስ አበባ ውስጥ የፌዴራል ዐቃቤ ሕግ እንደ እኛ አቆጣጠር ከ2014 ጀምሮ በፍትሕ ሚኒስቴር ሥር ነው። ብዙ ሰው አሁንም «ጠቅላይ ዐቃቤ ሕግ» እያለ ይጠራዋል፤ ማመልከቻችሁ ላይ ግን የአሁኑን ስም ጻፉ። ልደታ ዙሪያ ያሉት ማመልከቻ ጸሐፊዎች ፎርሙን ያውቁታል። ይዘቱን ግን ለእነሱ አትተዉላቸው።

ማመልከቻው ላይ «ደላላውም ይከሰስልኝ» ብቻ ብላችሁ ብትጽፉ ጉልበት የለውም። የመዝገብ ቁጥሩን፣ ችሎቱን፣ ምስክሩ የቀረበበትን ቀንና ምስክሩ ምን እንዳለ ጻፉ። ከምስክሩ ቃል ሌላ ማስረጃ ካለ ደግሞ አያይዙ። የባንክ ማስተላለፊያ፣ የቴሌግራም መልእክት፣ የቀብድ ደረሰኝ ላይ የደላላው ፊርማ። እዚህ ላይ አንድ ልዩነት አለ። «ደላላው ነው ያደረገው» ያለው ምስክር ከሆነ ክብደት አለው። ያንኑ ያለው ተከሳሹ ከሆነ ግን ዐቃቤ ሕጉ በጥርጣሬ ቢያየው አይፈረድበትም። ተከሳሽ ጥፋቱን ችሎቱ ውስጥ ወደሌለ ሰው መግፋቱ የተለመደ ነው። በተከሳሽ ቃል ላይ ብቻ ከተንጠለጠላችሁ ሌላ ማስረጃ ፈልጉ።

አንድ ተግባራዊ ጣጣ አለ። የግል ተበዳይ ብዙ ጊዜ የዐቃቤ ሕግ ምስክርም ነው። ምስክር ደግሞ ቃሉን እስኪሰጥ ችሎት ውስጥ አይቀመጥም። ስለዚህ ከእናንተ በፊት የመሰከሩት ምን እንዳሉ አትሰሙም። ቃላችሁን ከሰጣችሁ በኋላ ግን መቀመጥ ይቻላል፤ ተቀመጡ፣ ማስታወሻም ያዙ። የፌዴራል ፍርድ ቤቶች የምስክር ቃል በድምፅ ቀድተው ወደ ጽሑፍ ይገለብጣሉ። ግልባጩን ዐቃቤ ሕጉ ማግኘት ይችላል። የእናንተ ማስታወሻ የቱን ቀን እንደሚፈልግ ያሳየዋል።

ጊዜው ወሳኝ ነው። የዐቃቤ ሕግ ምስክሮች ተሰምተው ሳያልቁ ከደረሳችሁ ሰውየውን እዚያው መዝገብ ላይ ማስገባት የተሻለ ዕድል አለው። «ይከላከሉ» የሚል ብይን (ተከሳሾቹ መከላከያቸውን ያቅርቡ የሚል ውሳኔ) ከተሰጠ በኋላ ከሆነ ዐቃቤ ሕጉ የተለየ መዝገብ መክፈትን ይመርጥ ይሆናል፤ እኔም በቦታው ብሆን ያንን እመርጣለሁ። ምክንያቱም ክሱ ሲሻሻል ተከሳሾቹ ለመዘጋጀት ጊዜ መጠየቅና የተሰሙ ምስክሮችን መልሶ ማስጠራት ይችላሉ። አዲሱ ሰው ደግሞ ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 20 የሰጠው መብት አለው፤ ክሱን በዝርዝር ማወቅና የመሰከሩበትን ሰዎች መጠየቅ። ይህ ሁሉ ተከሳሾቹ ማረሚያ ቤት እያሉ ክርክሩን ያራዝመዋል። አንዳንዱ ዳኛ በዚህ ደስ አይለውም፤ እውነት አለው።

እምቢ ቢሉስ?

ዐቃቤ ሕጉ በጽሑፍ አልከስም ካለ፣ ቀጣዩ መንገድ በወንጀሉ ዓይነት ይለያል። መለየት ያለባችሁ ወንጀሉ በግል አቤቱታ ብቻ የሚያስቀጣ ነው ወይስ አይደለም የሚለውን ነው።

የደላላው ምሳሌ አታላይነት ነው፤ የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 692። ይህን ዐቃቤ ሕግ ያለ እናንተ አቤቱታም ይከሳል። እንዲህ ላለው ወንጀል የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 44 ለተበዳዩ ውሳኔው በደረሰው በ30 ቀን ውስጥ ዐቃቤ ሕጉ ክስ እንዲመሠርት ትእዛዝ እንዲሰጥለት የማመልከት መብት ይሰጣል። በተግባር ብዙ ሰው የሚጀምረው ለበላይ ዐቃቤ ሕግ አቤቱታ በማቅረብ ነው። ይህ ጥሩ ነው፤ ፈጣንም ሊሆን ይችላል። ግን «የበላዩ መልስ እስኪሰጠኝ» እያላችሁ ሠላሳውን ቀን አታቃጥሉ። ወረቀቱ የደረሳችሁን ቀን ጻፉ፣ ቢቻል ፈርማችሁ ውሰዱ።

ወንጀሉ እንደ ስድብ ወይም ስም ማጥፋት በግል አቤቱታ ብቻ የሚያስቀጣ ከሆነ ነገሩ ይቀየራል። ዐቃቤ ሕጉ በማስረጃ ማነስ እምቢ ሲል፣ ተበዳዩ ራሱ እንዲከስ በጽሑፍ ፈቃድ ይሰጠዋል። የግል ክስ የሚባለው ይህ ነው። ተበዳዩ ወይም ሕጋዊ ወኪሉ፣ እንዲሁም ባል ለሚስት፣ ሚስት ለባል ሊይዙት ይችላሉ።

ደስ ይላል ስትሉ ግን አስቡበት። በአንቀጽ 46 መሠረት ወጪውም ኃላፊነቱም የእናንተ ነው። ዐቃቤ ሕግ «አይበቃም» ያለውን ማስረጃ ይዛችሁ ጠበቃ የቆመለትን ሰው ልትከሱ ነው። ፍርድ ቤቱም መጀመሪያ ሊያስታርቃችሁ ይሞክራል። በበኩሌ የግል ክስን የምመክረው ዋናው ፍላጎታችሁ ዕርቅና ይቅርታ ሲሆን ነው። የችሎቱ ደጃፍ ላይ የሚገኝ ዕርቅ ብዙ ጊዜ ሽማግሌ ሳሎን ውስጥ ካመጣው ይጠነክራል፤ መዝገብ ላይ ይሰፍራልና። ገንዘብ ለማስመለስ ግን ይህ መንገድ አይደለም። በተጨማሪ የግል አቤቱታ ራሱ የሦስት ወር ገደብ አለው፤ ድርጊቱን ወይም አድራጊውን ካወቃችሁበት ቀን ይቆጠራል።

ገንዘቡ ነው የምትፈልጉት?

እውነቱን እንነጋገር። ከአብዛኛው ተበዳይ ጋር ቁጭ ብላችሁ ብታወሩ የሚፈልገው ደላላው እንዲታሰር ሳይሆን ቀብዱ እንዲመለስ ነው። ለዚህ ሁለት በር አለ፤ የሚመሳሰሉ ይመስላሉ፣ አይመሳሰሉም።

አንዱ እዚያው የወንጀል ችሎቱ ውስጥ ካሳ መጠየቅ ነው። አንቀጽ 154 ተበዳይ ክሱ መሰማት ሲጀምር ይህን እንዲጠይቅ ይፈቅዳል። አንድ መዝገብ፣ አንድ ማስረጃ፣ አንድ ምልልስ። ችሎቱ ግን የካሳው ጥያቄ ክርክሩን ያወሳስበዋል ወይም ያጓትተዋል ካለ ሊቀበለው አይገደድም። ተከሳሹ ነፃ ከወጣ ደግሞ በካሳው ላይ አይወስንም፤ ወደ ፍትሐ ብሔር ሂዱ ትባላላችሁ። ለእኛ ጉዳይ ያለው ትልቁ ቀዳዳ ደግሞ ሌላ ነው። ካሳ የምትጠይቁት ከተከሰሱት ብቻ ነው። ደላላው አልተከሰሰም።

ሁለተኛው የፍትሐ ብሔር ክስ ነው። ብዙ ሰው የሚንቀው ይህን ነው፤ በእኔ እምነት ግን ለቀረው ሰው ከሁሉ የሚበረታው እሱ ነው። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 2155 ለአንድ ጉዳት ብዙ ሰዎች ኃላፊ ከሆኑ በአንድነትና በነጠላ ይጠየቃሉ ይላል። ያነሳሳውን፣ ዋና አድራጊውንና ግብረ አበሩን አይለይም። ማለትም ደላላው ከአሥር ብር አንድ ብር ብቻ ቢወስድም ሙሉውን ከእሱ መጠየቅ ትችላላችሁ። ሌሎቹ ባዶ ኪስ ከሆኑና እሱ መኪና ካለው፣ ነገሩ የሚያበቃው እዚህ ነው።

ሌላም ጥቅም አለው። አንቀጽ 2149 የፍትሐ ብሔር ዳኛ በወንጀል ነፃ በማለት ውሳኔ አይታሰርም ይላል። ዐቃቤ ሕግ ያልከሰሰውን ሰው ደግሞ እናንተ ከሳችሁ ለማምጣት የማንም ፈቃድ አያስፈልጋችሁም። እዚህ ላይ ደግሞ ያ ከወንጀል ችሎቱ የተፈለገው ነገር በፍትሐ ብሔሩ ተገኘ። በ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 40 ፍርድ ቤቱ መግባት የነበረበትን ተከራካሪ በራሱ ወይም በተከራካሪ ጥያቄ እንዲገባ ማዘዝ ይችላል። ደላላውን መጀመሪያ ረስታችሁት ብትከሱ እንኳ በኋላ ይጨመራል።

ሰውየው ንብረቱን እየሸጠ ከሆነ ክሱን ስታቀርቡ ዕግድ አብራችሁ ጠይቁ። መኪናው ከተሸጠ በኋላ የተገኘ ፍርድ ግድግዳ ላይ ከመስቀል አያልፍም።

ጉዳቱ የዳኝነት ክፍያ ነው። ቀብዱ ትልቅ ከሆነ ክፍያውም ያሳምማል። አቅም ከሌላችሁ በደሃ ደንብ፣ ማለትም ክፍያውን ሳትከፍሉ፣ ለመክሰስ ማመልከት ይቻላል። ተበዳይዋ ሴት ከሆነች የኢትዮጵያ ሴት የሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ነፃ የሕግ ድጋፍ ይሰጣል።

ይርጋውን አትርሱ። ከውል ውጭ ኃላፊነት (ያለ ውል ለደረሰ ጉዳት መጠየቅ) በመርህ ደረጃ የሁለት ዓመት ነው፤ የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2143። ድርጊቱ ረዘም ያለ የወንጀል ይርጋ ያለው ከሆነ ያ ረዥሙ ይሠራል። ነገር ግን በዚህ አትዘናጉ። ድርጊቱ ወንጀል መሆኑን ማሳየት ያለባችሁ እናንተ ናችሁና፣ ሁለቱ ዓመት ሳያልፍ ፋይሉን መክፈት ይሻላል። የወንጀሉን ውሳኔ እየጠበቁ ዓመታት ያስቆጠሩ ሰዎች ሞልተዋል።

ታዲያ የቱን?

ክርክሩ ገና ከሆነ፣ ምስክሩ ግልጽ ከተናገረና የወረቀት ማስረጃ ካላችሁ፦ ዐቃቤ ሕግ፣ ዛሬውኑ፣ በጽሑፍ። ጎን ለጎን የፍትሐ ብሔሩን ይርጋ ቁጠሩ።

ሰውየው ተመርምሮ የተዘጋበት ከሆነ መጀመሪያ ወረቀቱን ያዙ፣ ከዚያ ሠላሳውን ቀን። አዲስ ማስረጃ ከሌላችሁ ግን የምትሄዱበት በር ሁሉ ያንኑ መልስ ይሰጣችኋል። ያኔ ፍትሐ ብሔር ነው፤ የማስረጃው ሚዛን እዚያ ይቀላል።

ምስክር ተደርጎ ከሆነም እንዲሁ ፍትሐ ብሔር። እንዲያውም በወንጀል ችሎት ምሎ የሰጠው ቃል እዚያ ልትጠቅሱት የምትችሉት ነገር ነው።

ነገሩ የሰፈር ስድብ ከሆነ ደግሞ የግል ክስ ፈቃድ ከመጠየቃችሁ በፊት ሽማግሌ ሞክሩ።

አንድ የቀረ ነገር። ብዙ ሰው ፍርድ ከተሰጠ በኋላ «አበቃ፣ አመለጠ» ብሎ ይተዋል። አላበቃም። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 23 ዳግም እንዳይከሰስ የሚጠብቀው በመጨረሻ ፍርድ ጥፋተኛ የተባለውን ወይም በነፃ የተለቀቀውን ሰው ነው። ደላላው ገና አልተዳኘም። ከሁለቱ ተከሳሾች አንዱ ነፃ ቢወጣ እንኳ ደላላውን አይሸፍነውም። የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 217 እስከ አምስት ዓመት ጽኑ እሥራት ለሚያስቀጣ ወንጀል አሥር ዓመት የክስ ይርጋ ይሰጣል፤ አታላይነት እዚህ ውስጥ ይወድቃል። ስለዚህ የፍርዱን ግልባጭ ስታወጡ የምስክሮቹን ቃልም አብራችሁ አውጡ፤ አዲሱን ማመልከቻ የምትጽፉት ከዚያ ላይ ነው።